ሱማን ሳትደናገሩ ለማንበብ፦ የመካከለኛው ዘመን ፍራየሮችን ከየት እንጀምር?

«እግዚአብሔር የሌለ ይመስላል።» ይቺን ዓረፍተ ነገር የጻፈው ቶማስ አኩዊናስ ነው። አዎ፣ የካቶሊክ ቤተክርስቲያን በ1323 ቅዱስ ያለችው፣ በ1567 ደሞ የቤተክርስቲያን መምህር ብላ የሾመችው ራሱ ሰውዬ። ይቺን ቆርጦ ስክሪንሹት አድርጎ «አያችሁ፣ እሱም ተጠራጥሮ ነበር» የሚል ሰው አይጠፋም፣ ከዛ በኋላ ያለውን ጭቅጭቅ ታውቁታላችሁ። ዓረፍተ ነገሯ ግን የተቃዋሚ ክርክር መግቢያ ናት፣ የቶማስ የራሱ መልስ ትንሽ ወረድ ብሎ ነው የሚመጣው። ስለዚ ዛሬ የማሳያችሁ የዚህን መጽሐፍ፣ የ«ሱማ ቴዎሎጂካ»ን፣ አነባበብ ነው። ይሄ አንዴ ከገባችሁ የሌሎቹ ፍራየሮች መጻሕፍትም ብዙ አያስቸግሯችሁም፣ አብዛኞቹ የተጻፉት በዚሁ አካሄድ ስለሆነ። (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ፍራየር ማነው የሚለውን ቶሎ እንለፈው። አንድ ገዳም ገብቶ እስኪሞት እዛው የሚኖር መነኩሴ አይደለም። ከተማ ውስጥ ነው የሚኖረው፣ ይሰብካል፣ በምጽዋት ይተዳደራል፣ አለቆቹ ዛሬ ኮሎኝ ነገ ፓሪስ ብለው ያዛውሩታል። ትልልቆቹ ማኅበራት ሁለት ናቸው፣ ዶሚኒካውያንና ፍራንቸስካውያን፤ ቶማስ ዶሚኒካዊ ነው (እኛም አገር ያሉት ካፑቺኖች በ16ኛው ክፍለ ዘመን ከፍራንቸስካውያን የወጡ ቅርንጫፍ ናቸው)። የዶሚኒካውያንን ማኅበር ፖፕ ሆኖሪየስ 3ኛ በ1216 አጸደቁት፣ የፍራንቸስካውያኑን መሥራች የፍራንቸስኮስን ደንብ ደሞ እኚሁ ፖፕ በ1223። ዶሚኒካውያን ሥራቸው ስብከት ነበር፣ ደቡብ ፈረንሳይ ውስጥ ቤተክርስቲያኗ መናፍቃን ካለቻቸው ከካታሮች ጋር ፊት ለፊት ይከራከሩ ስለነበር ሳይማሩ መውጣት አያዋጣቸውም። ፍራንቸስኮስ ግን ትምህርት ትዕቢት ያመጣል ብሎ ይሰጋ ነበር፤ ለአንቶኒዮ ዘፓዱዋ በጻፈለት አጭር ደብዳቤ ለወንድሞች ቴዎሎጂ እንዲያስተምር ፈቅዶለታል፣ የጸሎት መንፈስ እስካልጠፋ ድረስ በሚል ቅድመ ሁኔታ። ከዛ በኋላማ አልቆመም፣ በ1236 አካባቢ አሌክሳንደር ዘሄልስ የሚባል የታወቀ የፓሪስ ዩኒቨርሲቲ መምህር ፍራንቸስካዊ ሆነና የማስተማሪያ ወንበሩን እንደያዘ ማኅበሩ ውስጥ ገባ፣ በቃ በዛው ፍራንቸስካውያንም ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ቦታ አገኙ።

ይሄን ሁሉ ያወራሁት በምክንያት ነው። እነዚህ ሰዎች አስተማሪዎች ነበሩ፣ መጽሐፋቸውም የክፍል ሽታ አለው። ያኔ ቴዎሎጂ የሚማር ሰው ከንባብ በተጨማሪ ክርክር ላይ መቆም ነበረበት፤ መምህሩ ጥያቄ ያቀርባል፣ ተሰብሳቢው ተቃውሞ ያዘንባል፣ አንድ ከፍ ያለ ተማሪ ቆሞ ይመልሳል፣ በሌላ ቀን ደሞ መምህሩ ራሱ ተመልሶ ጉዳዩን ይቋጫል። በዓመት ሁለቴ፣ ከገና በፊትና ከፋሲካ በፊት ባሉት ጾሞች፣ ማንም ሰው ማንኛውንም ጥያቄ የሚያነሳበት ክርክርም ነበር፣ አንዳንድ መምህራን እሱን ባይደፍሩት አይገርምም። ሱማ የክርክር ቃለ ጉባኤ አይደለም፣ ቶማስ ቁጭ ብሎ ያዘጋጀው መጽሐፍ ነው፣ ቅርጹ ግን ከዛ የመጣ ነው። መግቢያው ላይ ለጀማሪዎች ነው የጻፍኩት ይላል፣ የማይጠቅም ጥያቄና ክርክር በዝቶ ተማሪው ተሰላችቷል ብሎም ያማርራል። ጀማሪ ሲል እንደኛ ዓይነቱን ጀማሪ እንዳይመስላችሁ ብቻ፣ ሎጂክና አርስቶትል አጥንቶ የመጣውን ነው።

አሁን ወደ አሠራሩ። መጽሐፉ ሦስት ክፍል ነው፣ ሁለተኛው ክፍል ግን በጣም ስለረዘመ ለሁለት ተከፍሏል፣ ስለዚ በተግባር አራት ናቸው፦ አንደኛ ክፍል (እግዚአብሔር፣ ፍጥረት)፣ የሁለተኛው አንደኛ (የሰው ድርጊት፣ ሕግ፣ ጸጋ)፣ የሁለተኛው ሁለተኛ (እያንዳንዱ በጎ ምግባርና ኃጢአት በዝርዝር)፣ ሦስተኛ ክፍል (ክርስቶስና ምሥጢራት)። በአጠቃላይ 512 ጥያቄዎች አሉ፣ እያንዳንዱ ጥያቄ ደሞ ወደ አንቀጾች ይከፈላል። ሰዎች ሲጠቅሱት መጀመሪያ በሮማ ቁጥር ክፍሉን ይጽፋሉ፣ ከዛ የጥያቄውን ቁጥር፣ ከዛ የአንቀጹን። በሮማ ቁጥር አንድ፣ ጭረት፣ ሁለት ካያችሁ የሁለተኛው ክፍል አንደኛ ግማሽ ማለት ነው፤ ሁለት ጭረት ሁለት ከሆነ ሁለተኛው ግማሽ። ገጽ ቁጥር አትፈልጉ፣ በየትኛውም እትም ቢሆን ይሄ አጠቃቀስ አይለወጥም፣ ደስ የሚለው ነገሩ ይሄ ነው።

አንድ ነገር ልብ በሉ፣ መጽሐፉ አላለቀም። ቶማስ ታኅሣሥ 1273 ላይ ኔፕልስ እያለ መጻፉን አቆመ፤ ጓደኛውና ጸሐፊው የነበረው ሬጂናልድ ቀጥል ቢለው የጻፍኩት ሁሉ ገለባ መስሎ ታየኝ አለው ተብሎ ይተረካል። መጋቢት 1274 ወደ ሊዮን የቤተክርስቲያን ጉባኤ እየሄደ መንገድ ላይ ፎሳኖቫ ሞተ። ስለዚ ሦስተኛው ክፍል ንስሐ ላይ፣ ጥያቄ 90 ላይ ይቆማል። ከሱ በኋላ «ተጨማሪ» ተብሎ የተለጠፈው ቶማስ በወጣትነቱ ከጻፈው ሌላ ሥራ ሌሎች ሰዎች ቀነጫጭበው የሰበሰቡት ነው፣ ስለ ሙታን ትንሣኤና ስለ ሲኦል የምታገኟቸው ጥቅሶች ብዙዎቹ ከዛ ስለሆኑ የበሰለው ቶማስ የመጨረሻ ቃል አድርጋችሁ አትውሰዱት።

እሺ፣ አንድ አንቀጽ ክፈቱ። ርዕሱ ሁሌ ጥያቄ ነው፣ «እንዲህ ነው ወይ?» የሚል። ቀጥሎ «እንዲህ ይመስላል» ብሎ ቶማስ ከማይቀበለው ወገን ያሉ ክርክሮች በተራ ቁጥር ይደረደራሉ፣ ብዙ ጊዜ ሦስት አካባቢ ናቸው። ከዛ «ሰድ ኮንትራ»፣ በተቃራኒው ደግሞ፣ የምትል አጭር ነገር አለች፣ ብዙውን ጊዜ አንድ የመጽሐፍ ቅዱስ ወይ የአባቶች ጥቅስ። ከሷ ቀጥሎ «ሬስፖንዴዮ»፣ እመልሳለሁ፣ ይላል፤ ዋናው ሐተታ እዚህ ጋ ነው። በመጨረሻ ላይ ለእያንዳንዱ ተቃውሞ መልስ፣ በተራ ቁጥሩ። የፍርድ ቤት ውሳኔ አንብባችሁ ካወቃችሁ ነገሩ እንደዛው ነው፣ ከሳሽ ያለው መጀመሪያ ይጻፋል፣ ፍርዱ ግን ታች ነው፤ የከሳሽን አቤቱታ «ፍርድ ቤቱ እንዲህ አለ» ብሎ የሚጠቅስ ሰው የለም።

እኔ የምመክረው አነባበብ ከላይ ወደ ታች ቀጥ ብሎ መውረድ አይደለም። ርዕሱን አንብቡና መጽሐፉን ትንሽ ዝጉት፣ እናንተ ራሳችሁ አዎ ወይ አይ ብላችሁ በአንድ መስመር ጻፉ። ከዛ ተቃውሞዎቹን አንድ በአንድ አንብቡ፣ በተለይ የሚያሳምናችሁን ለዩ (ቢያንስ አንዱ ያሳምናችኋል፣ ቶማስ የተቃዋሚን ሐሳብ አሳምሮ በማስቀመጥ ይታወቃል፣ አንዳንዴ ከተቃዋሚው ከራሱ በተሻለ)። ከዛ ወደ «ሬስፖንዴዮ» ዝለሉ። መጨረሻ ላይ ተቃውሞ አንድን ከመልስ አንድ፣ ሁለትን ከሁለት እያጣመራችሁ አንብቡ እንጂ መልሶቹን በጅምላ አትዋጧቸው፣ ምክንያቱም መልስ ሦስት ላይ ስትደርሱ ተቃውሞ ሦስት ምን ይል እንደነበር ረስታችሁታል። ስልክ ላይ ከሆናችሁ ሁለት ታብ ክፈቱ፣ አለቀ።

ሰው ሁሉ የሚጀምረው ከአንደኛ ክፍል ጥያቄ 2 አንቀጽ 3፣ «እግዚአብሔር አለ ወይ» ከሚለው ነው፣ አምስቱ መንገዶች የሚባሉት፣ እግዚአብሔር መኖሩን የሚያስረዱ አምስት ክርክሮች፣ እዛ ስላሉ። እኔ እዛ አትጀምሩ እላለሁ። አምስቱ መንገዶች በጣም አጭር ናቸው፣ እያንዳንዱ የአርስቶትልን ፊዚክስና ሜታፊዚክስ (ስለ መኖር ራሱ የሚመረምረውን ፍልስፍና) ተሸክሟል፣ ያን ሳታውቁ ካነበባችሁት ወይ ቀላል ይመስላችኋል ወይ የማይረባ። ተቃውሞዎቹን ግን ሄዳችሁ እዩዋቸው፦ አንደኛው ማለቂያ የሌለው መልካም ነገር ካለ ክፋት መኖር አልነበረበትም ይላል፣ ሁለተኛው ዓለምን በተፈጥሮና በሰው ፈቃድ ማስረዳት ከተቻለ እግዚአብሔር ለምን ያስፈልጋል ይላል። ዛሬ ዩቲዩብ ላይ እንደ አዲስ የሚቀርቡት ሁለቱ ክርክሮች፣ በ13ኛው ክፍለ ዘመን፣ አንድ ፍራየር ለተማሪ ባዘጋጀው መጽሐፍ ላይ። «ሰድ ኮንትራ»ው ደሞ ከኦሪት ዘጸአት 3፥14 ናት፣ «ያለና የሚኖር እኔ ነኝ»።

መጀመር ያለባችሁ ከሁለተኛው ሁለተኛ፣ ጥያቄ 66፣ አንቀጽ 7 ነው። ጥያቄው ምን መሰላችሁ፦ ሰው በችግር ምክንያት ቢሰርቅ ይፈቀድለታል ወይ? ሜታፊዚክስ አይጠይቅም፣ ማንም ሰው ሐሳብ አለው። አይፈቀድም ባዮቹ ሦስት ናቸው። የመጀመሪያው የቤተክርስቲያን ሕግ ይጠቅሳል፣ ተርቦ ወይ ታርዞ ምግብ፣ ልብስ ወይ ከብት የሰረቀ ሦስት ሳምንት ንስሐ ይግባ የሚል፤ ንስሐ ካለ ኃጢአት አለ ማለት ነው። ሁለተኛው አርስቶትልን ይዞ ይመጣል፣ አንዳንድ ድርጊት ስሙ ራሱ ክፋት ነው፣ ስርቆት አንዱ ነው፣ መቼም መልካም ሊሆን አይችልም። ሦስተኛው ትንሽ ጠማማ ነው፣ ባልንጀራህን እንደራስህ ውደድ ተብሏል፣ ለባልንጀራ ምጽዋት ለመስጠት መስረቅ ካልተፈቀደ ለራስም አይፈቀድም ይላል። በተቃራኒው ደግሞ፦ በችግር ጊዜ ሁሉ ነገር የጋራ ነው።

አሁን የቶማስን መልስ በቀስታ ተከተሉ፣ ደረጃ ደረጃ አለው። የሰው ሕግ የተፈጥሮን ሕግ ሊሽር አይችልም። በተፈጥሮ ሕግ ደግሞ ምድራዊ ነገር ሁሉ የተሰጠው የሰው ልጅ ችግሩን እንዲወጣበት ነው። ንብረት ለየሰው መከፋፈሉ ይሄን አይሽረውም። ስለዚህ አንዳንዶች ተርፏቸው የያዙት ነገር፣ እዚህ ጋ ልብ በሉ፣ በተፈጥሮ ሕግ ለድሃ የሚገባ ነው። ከቤተክርስቲያን አባት ከአምብሮስዮስ ነው ብሎ አንድ ጥቅስ ያመጣል፣ በግርድፉ የያዝከው የተራበው ሰው እንጀራ ነው፣ የቆለፍክበት ልብስ የታረዘው ነው የሚል (ሐሳቡ የቅዱስ ባስልዮስ ስብከት ላይ አለ፣ ኦርቶዶክስ የሆነ አንባቢ እንግዳ አይሆንበትም)። ግን ወዲያው ልጓም ያስገባል፦ ችግረኛው ብዙ ነው፣ በአንድ ሰው ሀብት ሁሉንም መርዳት አይቻልም፣ ስለዚ እያንዳንዱ ሰው የራሱን ንብረት ይዞ እሱ በመረጠው መንገድ እንዲረዳ ተትቶለታል። ልጓሙም ወሰን አለው። ችግሩ ግልጽና አጣዳፊ ከሆነ፣ ሌላ መውጫም ከሌለ፣ ያ ሰው የሌላውን ንብረት በግልጽም ይሁን በስውር ወስዶ ሕይወቱን ማትረፍ ይችላል፣ ይሄም በትክክለኛ ስሙ ስርቆት አይባልም።

አሁን መልሶቹን አጣምሩ። ለመጀመሪያው፦ ያ ሕግ የሚናገረው አጣዳፊ ችግር ስለሌለበት ሁኔታ ነው። ለሁለተኛው፦ አርስቶትል ልክ ነው፣ ስርቆት ሁሌም ክፉ ነው፣ እዚህ የተፈጸመው ግን ስርቆት አይደለም፣ ሰውየው ሕይወቱን ለማትረፍ የወሰደው ነገር በችግሩ ምክንያት የራሱ ሆኗል። ለሦስተኛው ደሞ ክርክሩን ይገለብጠዋል፦ እንዲህ ያለ ችግር ላይ ላለ ባልንጀራም መውሰድ ይቻላል። ቶማስ ከሦስቱ አንዱንም «ውሸት ነው» ብሎ እንዳልጣለ አያችሁ? ሕጉን ተቀበለ፣ አርስቶትልን ተቀበለ፣ የት ቦታ እንደሚሠሩ ወሰን አበጀላቸው። ይሄ «መለየት» የሚባለው ነገር የሁሉም ፍራየሮች ዋና መሣሪያ ነው፤ ስታነቡ «በአንድ በኩል፣ በሌላ በኩል» ወይም «በሁለት መልኩ ይባላል» የሚል ስታገኙ እስክሪብቷችሁን አንሱና አስምሩበት፣ መልሱ እሱ ውስጥ ነው ያለው። ደሞ ይሄን የጻፈው በምጽዋት የሚኖር ማኅበር አባል መሆኑን አትርሱ። ፓሪስ ውስጥ ጊዮም ዘሴንት አሙር የሚባል መምህር በ1250ዎቹ እነዚህ ለማኝ ፍራየሮች አደገኛ ናቸው ብሎ መጽሐፍ ጽፎባቸው ነበር፣ ፖፑ በ1256 አወገዙት እንጂ፣ ስለዚ ድህነትና ንብረት ለነሱ የራሳቸው ሕልውና ጥያቄ ነበር።

ስሞቹ ያደናግራሉ፣ እሱን ልንገራችሁ። «ፈላስፋው» ሲል አርስቶትል ነው። «ተንታኙ» ሲል ኢብን ሩሽድ፣ የኮርዶባው ሙስሊም። «ሐዋርያው» ጳውሎስ ነው። «መምህሩ» ካለ ጴጥሮስ ሎምባርድ ነው፣ በ12ኛው ክፍለ ዘመን የአባቶችን ጥቅስ በአራት መጽሐፍ ያደራጀ ሰው፣ የቴዎሎጂ መምህር መሆን የሚፈልግ ሁሉ በሱ መጽሐፍ ላይ ሐተታ ማስተማር ነበረበት። «ራቢ ሙሴ» ደሞ ማይሞኒደስ፣ አይሁዳዊ። ኢብን ሲናን በስሙ ይጠራዋል፣ አቪሴና እያለ። አንድ ዶሚኒካዊ ለክርስቲያን ተማሪ በጻፈው መጽሐፍ ውስጥ ግሪክ፣ ዓረብና አይሁድ እንዲህ እኩል ሲጠቀሱ ማየት ለኔ እስካሁን ይገርመኛል። በዛ ላይ ፓሪስ ውስጥ የአርስቶትል የተፈጥሮ መጻሕፍት በ1210 እና በ1215 እንዳይሰጡ ታግደው ነበር፣ በ1255 ግን የአርት ፋኩልቲው (ከቴዎሎጂ በፊት ሎጂክና ፍልስፍና የሚማሩበት) የግድ ትምህርት አደረጋቸው። ይሄ ሁሉ በአንድ ሰው ዕድሜ ውስጥ።

ለተዋሕዶ አንባቢ አንድ ማስጠንቀቂያ። ሦስተኛ ክፍል ጥያቄ 2 ላይ ስትደርሱ ቶማስ አውጣኪንና ዲዮስቆሮስን በአንድ ላይ አስሮ ሲያወግዝ ታያላችሁ። የኛ ቤተክርስቲያን አውጣኪን ታወግዛለች፣ ዲዮስቆሮስን ግን ቅዱስ ትለዋለች፣ ስለዚ እዛ ቦታ ያለው ምስል ከኬልቄዶን ወገን ብቻ የመጣ መሆኑን እያወቃችሁ አንብቡት። አንደኛ ክፍል ጥያቄ 36 አንቀጽ 2ም እንደዛው፣ መንፈስ ቅዱስ ከወልድም ይሠርጻል የሚለው። ተናድዶ መጽሐፉን ከመዝጋት ተቃውሞዎቹን ማየት ይሻላል፣ የምሥራቁ ክርክር እዛ ተቀምጧል፣ በቂ አድርጎ መልሶታል ወይ የሚለውን ራሳችሁ ፍረዱ።

ሌላው፣ ፍራየሮቹ አንድ አቋም ያላቸው እንዳይመስላችሁ። በመጋቢት 1277 የፓሪሱ ጳጳስ ኤቲየን ታምፒዬ 219 ሐሳቦችን አወገዘ፣ አንዳንዶቹ የቶማስን ትምህርት የሚነኩ ነበሩ። ብዙም ሳይቆይ ዊልያም ዴ ላ ማር የሚባል ፍራንቸስካዊ የወንድም ቶማስ «ማረሚያ» ብሎ ጻፈ፣ በ1282 ፍራንቸስካውያን ሱማን ከዚህ ማረሚያ ጋር ካልሆነና ለበሰለ አስተማሪ ካልሆነ እንዳይገለበጥ አዘዙ፣ ዶሚኒካውያን ደሞ ማረሚያውን «ማበላሻ» ብለው መልስ ጻፉ። ስለዚ አንድ ጥያቄ ይዞ ሁለቱ ጋ መሄድ ብዙ ያስተምራል። ለምሳሌ፦ አዳም ባይበድል ቃል ሥጋ ይሆን ነበር? ቶማስ (ሦስተኛ ክፍል፣ ጥያቄ 1፣ አንቀጽ 3) ከእግዚአብሔር ፈቃድ ብቻ የሚመጣውን የምናውቀው በመጽሐፍ ቅዱስ ነው፣ መጽሐፉ ደሞ ምክንያቱን ሁልጊዜ ኃጢአት ያደርገዋል፣ ስለዚህ ባይበድል አይሆንም ነበር ማለት ይሻላል ይላል፣ እግዚአብሔር ግን ማድረግ ይችል እንደነበር ይጨምራል። ፍራንቸስካዊው ዱንስ ስኮተስ ግን በተቃራኒው ነው፦ በሥርዓት የሚፈልግ ሁሉ መጀመሪያ የሚፈልገው ግቡን ነው፣ የፍጥረት ትልቁ ክብር በአዳም ጥፋት አጋጣሚ የመጣ ሊሆን አይችልም። ሁለቱንም አንብባችሁ የቱ እንዳሳመናችሁ ጻፉ፣ ግማሽ ገጽ ይበቃል።

ከፍራንቸስካውያን መጀመሪያ ቦናቬንቱራን ያዙ። ከ1257 ጀምሮ የማኅበሩ አለቃ ነበር፣ ከቶማስ ጋር በአንድ ዓመት፣ ሐምሌ 1274 ሊዮን ጉባኤ ላይ ሞተ። «የነፍስ ጉዞ ወደ እግዚአብሔር» የምትለው መጽሐፉ ሰባት ምዕራፍ ብቻ ናት፣ በ1259 ላ ቬርና ተራራ ላይ፣ ፍራንቸስኮስ ባለ ስድስት ክንፉን ሱራፌል ያየበት ቦታ ሆኖ ያሰባት። እዚህ ተቃውሞና መልስ የለም፣ ስለዚ የሱማን አነባበብ እርሱት፤ በቀን አንድ ምዕራፍ፣ ቀስ ብሎ፣ ከተቻለ ጮክ ብሎ። ከስሜት ጀምሮ ወደ ውስጥ፣ ከዛ ወደ ላይ ይወጣል፣ መጨረሻ ላይ ትምህርትን ሳይሆን ጸጋን ጠይቅ፣ ንባብን ሳይሆን የጸሎትን ልቅሶ ይላል። ልዩነቱ እዚህ ጋ ቁልጭ ይላል፣ ቦናቬንቱራ ቴዎሎጂ በዋናነት ጥሩ ሰዎች እንድንሆን ነው ሲል ቶማስ ደሞ (አንደኛ ክፍል፣ ጥያቄ 1፣ አንቀጽ 4) ከተግባር ይልቅ ለማወቅ ነው ይላል።

ጽሑፎቹን ለማግኘት ገንዘብ አያስፈልግም። የእንግሊዝ ዶሚኒካውያን በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የተረጎሙት ሱማ ኒው አድቨንት የሚባል ድረ ገጽ ላይ በነፃ አለ፣ ላቲኑን ለሚችል ኮርፐስ ቶሚስቲኩም የሚባል ድረ ገጽ አለ። ኤአይ ጠይቃችሁ «ቶማስ እንዲህ ይላል» ብሎ ከመለሰላችሁ የክፍሉን፣ የጥያቄውንና የአንቀጹን ቁጥር ስጠኝ በሉት፣ ከዛ ከፍታችሁ ከተቃውሞ ነው ወይስ ከመልስ የሚለውን እዩ።

ስኮተስን ለብቻው መግጠም የፈለገ ቢያንስ በቶማስ አንድ ወር ይለማመድ። በ1308 ኮሎኝ በአርባዎቹ መጀመሪያ ላይ ሞተ፣ ዋና ሥራውን ሳይጨርስ፣ ዓረፍተ ነገሮቹ ይጠማዘዛሉ፣ የሰው ስም ሳይጠራ ስለሚከራከርም ማንን እየመለሰ እንደሆነ ካላወቃችሁ ትጠፋላችሁ። ከመክፈታችሁ በፊት አንደኛ ክፍል ጥያቄ 13 አንቀጽ 5ን አንብቡ፣ ስለ እግዚአብሔርና ስለ ሰው «ጥሩ» ስንል ቃሉ አንድ ትርጉም አለው ወይ የሚለውን፤ ቶማስ ሙሉ በሙሉ አንድም አይደለም ፍጹም የተለያየም አይደለም፣ በተመሳስሎ ነው ይላል፣ ስኮተስ ደሞ ቢያንስ አንድ የጋራ ሐሳብ ከሌለ ከፍጥረት ተነስተን ስለ እግዚአብሔር ምንም ማረጋገጥ አንችልም ብሎ ይይዘዋል። ይሄን ክርክር ከያዛችሁ ሌላው ቀስ በቀስ ይመጣል። ሌላውን ፍራንቸስካዊ ዊልያም ኦካምን ግን ከስኮተስ በፊት አትክፈቱ፣ ብዙውን ጊዜ የሚጨቃጨቀው ከሱ ጋር ነው።